ግሪሳና አስተያየት ሰጪ፦ በራያ ቆላ የተደረገ ምልከታ

በቆቦ ሜዳ ማሽላው ማሸት ሲጀምር ገበሬው ማማ ይሠራል። ማማው ላይ ወንጭፍ የያዘ ልጅ ይወጣል፤ ሥራውም ግሪሳ ማባረር ነው። ግሪሳ ብቻውን የማይሄድ፣ አንዱ ሲነሣ ሁሉም የሚነሣ፣ ለምን እንደተነሣ የማያውቅ ወፍ ነው። ይህ ጥናት የሚመለከተው የቅርብ ዘመዱን፣ የፌስቡክ አስተያየት ሰጪን ነው።

ለምልከታው የተመረጠው የወሰን ጥያቄ «አላማጣ የማን ናት?» የሚለው ነው። ቆቦ ለዋጃ፣ ዋጃ ለአላማጣ ጎረቤት ስለሆነች ጥያቄው ለሁሉም ቅርብ ነው። መልሱ ምንም ይሁን ምን፣ የሚከተለው ነገር ተራውን አይስትም። መጀመሪያ የጸሐፊው አያት ማንነት ይጣራል። ቀጥሎ ስንት ብር እንደተከፈለው ይጠየቃል። በሦስተኛው ደረጃ ድሮ የለጠፈው ተቆፍሮ በስክሪንሾት ይወጣል። እስከዚህ ድረስ አላማጣ አልተነሣችም።

ሕጉም ጉዳዩን አልዘነጋውም። የ1987ቱ ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 29 ሐሳብን የመግለጽ ነፃነትን ደንግጓል። የ2012ቱ የጥላቻ ንግግር አዋጅ ቁጥር 1185 ደግሞ ጥፋቱ ከ5,000 በላይ ተከታይ ባለው ገጽ ሲፈጸም ቅጣቱን ያከብዳል። ስለዚህ 4,999 ተከታይ ያለው ሰው አሳዳጊ የበደለውን ስድብ በቅናሽ ያገኛል።

ለፌስቡኩ ክርክር ማነጻጸሪያ የተገኘው በ2015 ክረምት ነው። የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ በታወጀበት በዚያ ሰሞን በአማራ ክልል የሞባይል ኢንተርኔት ጠፋ። የሚያስጨንቅ ሌላ ነገር ባይጠፋም ክርክሩ አልቀረም፤ ወደ ቡና ዞረ። እዚያ አያት አልተጠየቁም፤ ሁሉም ያውቃቸዋል። ተከፍሎህ ነው የሚልም አልተገኘም፤ ተከፍሎት ቢሆን ኖሮ ስኳሩ ከጎረቤት ባልተበደረ። በቶናው ተቆጥቶ የተነሣም «በረካውን ሳትጠጣ?» ሲባል ተመልሶ ተቀምጧል። «ብሎክ» የሚባለው ነገር በረከቦቱ ዙሪያ አልታየም።

ኔትዎርኩ በተመለሰበት ሁሉ አያቶችም ወደ ሥራቸው ተመልሰዋል። መፍትሔ ለሚሹ ግን ማማ ላይ ያለው ልጅ የሚያውቀውን ማስታወስ ይገባል፦ ወንጭፍ ግሪሳን ወደ ጎረቤት ማሳ ያሻግረዋል እንጂ አያጠፋውም፤ የጎረቤቱም ልጅ መልሶ ይልከዋል። ግሪሳው የቆቦንና የአላማጣን ወሰን እስካሁን አልለየም። የሁለቱንም ማሽላ ሲበላ ግን አያዳላም።