አስጎብኚውን ማን ያስጎብኘው?

ፈረንጅን ማስጎብኘት ቀላል ሥራ ነው። ይከፍላል፣ ይከተላል፣ ይሰማል፣ ፎቶ ያነሣል፣ የላስቲክ ውሃውን እየተጎነጨ ይደነቃል፤ አለቀ። ሐበሻን ማስጎብኘት ግን ሌላ ጸጋ ይጠይቃል። እኛ ጉብኝት የምንወጣው አዲስ ነገር ልናይ ሳይሆን፣ አስጎብኚው ያጠናውን በደንብ መያዝ አለመያዙን ልንፈትን ነው። አራት ሐበሻ አንድ አስጎብኚ ቀጥሮ መንገድ ከጀመረ፣ መንገዱ ላይ ያሉት አምስት አስጎብኚዎች ናቸው። ጎብኚ አልመጣም።

የባሕር ዳር ሰው ዘጌን የሚያየው እንግዳ ሲመጣበት ነው። እስከዚያው ሐይቁ ዳር ቁጭ ብሎ የአሳ ጥብሱን እየበላ በጣቱ ወደ ማዶ ይጠቁምና «ዘጌ ያ ነው» ይላል፤ ሄዶ እንዳየው ይቆጠርለታል። እኔም ከዚሁ ወገን ነበርሁ። ታዲያ ቱሪስት እንደ ልብ ይመጣ በነበረበት ጊዜ፣ ጥምቀት ባለፈ ሰሞን፣ አጎቴና ባለቤታቸው የልጅ ልጃቸውን አስከትለው ከአዲስ አበባ መጡብኝ። አጎቴ ታሪክ ሲያስተምሩ ኖረው ጡረታ የወጡ ሰው ናቸው፤ ጡረታው ከደመወዝ አወጣቸው እንጂ ከማስተማር አላወጣቸውም። እትዬ ደግሞ ተአምረ ማርያም ሲነበብ ከንፈራቸው ከአንባቢው ቀድሞ የሚንቀሳቀስ ሴት ናቸው። ልጁ ስልክ አለው።

ጀልባ የሚከራየው በጉዞ እንጂ በሰው ቁጥር ስላልሆነ፣ ሂሳቡን የሚጋራን ሰው ስንፈልግ ወደቡ ላይ ብቻውን የቆመ አንድ ጃፓናዊ አገኘን። አገሩ ኪዮቶ ነው። ሰፊ ኮፍያ፣ የኪስ ማስታወሻ ደብተር፣ በክር አንገቱ ላይ የተንጠለጠለ እርሳስ። የዕለቱ ብቸኛ ጎብኚ እሱ መሆኑን ያን ጊዜ አላወቅንም።

አስጎብኚያችን የዘጌ ተወላጅ፣ ቀጭን፣ ትሑት ልጅ ነው። ሞተሩ እንደተነሣ ጀመረ፤ በአማርኛ ለእኛ፣ በእንግሊዝኛ ለጃፓኑ።

«ጣና በአገራችን ትልቁ ሐይቅ ነው። ስፋቱ 3,000 ካሬ ኪሎ ሜትር ያህል ሲሆን፣ ጥልቀቱ ግን ቢበዛ 15 ሜትር ቢሆን ነው።»

«ለእኔ 15ቱ ይበቃኛል» አሉ እትዬ፣ በብርቱካንማው የዋና ጃኬት ማሰሪያ ላይ ሌላ ቋጠሮ እየጨመሩ።

ከፊታችን ማገዶ ቁልል አድርጋ የጫነች ታንኳ ወደ ባሕር ዳር ትቀዝፋለች። ቀዛፊው በጭነቱ ጫፍ ላይ ተቀምጧል፤ ታንኳዋ ራሷ ውሃው ውስጥ ልትጠፋ ምንም አልቀራትም። አስጎብኚው ታንኳ ከደንገል እንደሚሠራ፣ ደንገሉ ውሃ እየጠጣ ስለሚከብድ ብዙ ሳይቆይ እንደሚቀየር አስረዳ። ጃፓኑ ጻፈ። አጎቴ ጉሮሯቸውን ጠረጉ።

«ቴዎድሮስም ሞክሮታል።»

«ምኑን ጋሼ?»

«ቆይ፣ እንድረስ።»

ዘጌ ወርደን መንገዱ ተጀመረ። ከወደቡ ወደ ኡራ ኪዳነ ምሕረት የሚያወጣው መንገድ በቡና ጫካ ውስጥ ያልፋል፤ ድንጋይ፣ ሥር፣ ጥላ፣ እንደገና ድንጋይ። ግራና ቀኙን ልጆችና ሴቶች ከደንገል የተሠራች የመዳፍ ታንኳ፣ የእንጨት መስቀል፣ ብራና ላይ የተሳለ መልአክ ዘርግተዋል። እትዬ ጉልበታቸውን ይዘው «ሩቅ ነው ልጄ?» አሉ።

«እዚችው ናት እማማ።»

እዚህ ላይ አጎቴ በቀጥታ ለጃፓኑ፣ በድሮ ትምህርት ቤት እንግሊዝኛቸው፣ «እዚችው ናት» የሚለው የባላገር ርቀት በሜትር እንደማይለካና ሲነገር አገጭ ወደ ላይ በተነሣ መጠን መንገዱ እንደሚረዝም አስረዱት። ጃፓኑ ይህንንም ጻፈ። ከዚያ ወዲያ መንገድ በተጠየቀ ቁጥር ዓይኑ አስጎብኚው አገጭ ላይ ነበር።

ጫካው እውነትም ያስገርማል። ዘጌ ላይ አይታረስም። በሬ አይጠመድም፣ ከብትም አይረባም፤ ከጥንት ጀምሮ የተከለከለ ነው። ስለዚህም በዙሪያው ያለው አገር ተመንጥሮ ሲያልቅ ይህ ምድር ከነዛፉ ቀረ። ከላይ ረጃጅሙ ዛፍ ጥላ ይሰጣል፣ ከሥሩ ቡናው ይኖራል፣ በቅርንጫፉ ጦጣው ይመጻደቃል። አስጎብኚው ትውፊቱን ነገረን፦ አቡነ በትረ ማርያም በትራቸውን ከሦስት ሰብረው ቢተክሉት አንዱ ቡና፣ አንዱ ጌሾ፣ አንዱ ሎሚ ሆኖ በቀለ፤ «አትረሱ፣ አትቆፍሩ፣ በእነዚህ ኑሩ» ተባለ።

«ሦስተኛው ትርንጎ አይደለም?» አሉ አጎቴ።

«ሎሚ ነው» አሉ እትዬ፣ አስጎብኚው አፉን ሳይከፍት።

ጃፓኑ እጁን አወጣ። ልብ በሉ፣ ለመጠየቅ እጁን የሚያወጣ ሰው ነው። ታዲያ ካልታረሰ እንጀራው ከየት ይመጣል? አስጎብኚው ደስ ብሎት መለሰ፤ ቡናው፣ ጌሾው፣ ማገዶው በታንኳ ይወጣል፣ ጤፉ ከውጭ ተገዝቶ ይገባል። ጠያቂው መልሱን እስከ መጨረሻው አዳመጠ፤ ጨርሶም አመሰገነ። አስጎብኚው እንዲህ ያለ ነገር ከእኛ ወገን ደርሶበት አያውቅም መሰለኝ፣ ትንሽ ግራ ገባው።

ከዚያ አንድ ገላጣ ቦታ ላይ ድንጋይ ተገኘና አጎቴ ተቀመጡ። አጎቴ ሲቀመጡ ክፍለ ጊዜ ተጀመረ ማለት ነው።

«ዘጌን ከጎበኙ የውጭ አገር ሰዎች ሁሉ ረጅሙን ጉብኝት ያደረገ ማን ነው?»

ዝም አልን።

«ሆርሙዝድ ራሳም!»

የሞሱል ተወላጅ፣ የእንግሊዝ መልእክተኛ። የታሠሩትን አውሮፓውያን ለማስፈታት የንግሥት ቪክቶሪያን ደብዳቤ ይዞ መጣ። ዐፄ ቴዎድሮስ በክብር ተቀበሉት፤ እሳቸው ዘጌ ሰፈሩ፣ እሱ ከማዶ ቆራጣ ተቀመጠ፤ በታንኳ እየተሻገረ ይገናኛሉ። በአጎቴ አቀራረብ ነገሩ ሁሉ የሰርግ መልስ መሰለ። እስረኞቹም ተፈቱ፣ ሊሄዱ ተነሡ። ሚያዝያ 1858 ዓ.ም. ግን ነገሩ ተገለበጠና እዚሁ ዘጌ ላይ ራሳም ከነጓደኞቹ ተያዘ። ቆይቶ ወደ መቅደላ ተወሰደ፤ የተለቀቀው ሚያዝያ 1860 ነው።

«ሁለት ዓመት ሙሉ!» አሉ አጎቴ። «ከነአስጎብኚው፣ ከነቀለቡ!»

ታንኳውም መጣ፦ ንጉሡ እዚሁ ሳሉ ከደንገል በተሠሩ ትልልቅ ጀልባዎች ላይ በእጅ የሚሽከረከር መንኮራኩር አስገጥመው እንደ እንፋሎት መርከብ ሊያስኬዷቸው ሞክረዋል፤ አብሮ የታሠረው ሐኪም ብላንክ ጽፎታል። አስጎብኚው ይህን አልሰማም ነበር መሰለኝ፣ ከጃፓኑ እርሳስ ተውሶ መዳፉ ላይ ለመጻፍ ሲታገል አየሁት።

ጃፓኑ ግን 1860ን በራሱ አቆጣጠር ሲያሰላ ቆይቶ ነበርና ዓይኑ በራ። በዚያው ዓመት፣ አለ፣ የእኛ አገር ሥልጣን ከጦር ገዢው ከሾጉኑ ወጥቶ ወደ ወጣቱ ንጉሠ ነገሥት ወደ ሜይጂ ተመለሰ፤ ከሺህ ዓመት በላይ መናገሻ የነበረችው ከተማዬም መናገሻነቷን ለቶኪዮ መልቀቅ ጀመረች።

ይህን ለአጎቴ መንገር ስሕተት ነበር። ተነሥተው ቆሙ። በ1923 የወጣው የመጀመሪያው ሕገ መንግሥታችን የሜይጂን ሕገ መንግሥት አርአያ ማድረጉን፣ በ1924 ብላቴን ጌታ ኅሩይ ወልደ ሥላሴ በመልእክተኛነት ጃፓን ድረስ ሄደው ሲመለሱ «ማኅደረ ብርሃን ሀገረ ጃፓን» የሚል መጽሐፍ ማሳተማቸውን ተረኩለት። «እኛ የእናንተን አገር ጎብኝተን፣ አዳምጠን፣ ጽፈን ተመልሰናል» አሉት። እንግዲህ ኅሩይ አዳምጠው ይሆናል፤ ምሁር ነበሩ። አብረዋቸው የሄዱት ግን ጃፓናዊውን አስጎብኚ ዝም ብለው ሰምተውታል ብላችሁ አታስምሉኝ።

«እናንተ አገር ሲጎበኝ እንዴት ነው?» አለ ልጁ ከስልኩ ቀና ብሎ።

ጃፓኑ በእጁ አሳየን። አስጎብኚዋ ትንሽ ባንዲራ ከፍ ታደርጋለች። ሰዉ ባንዲራዋን ይከተላል። በድንጋይ ንጣፉ መንገድ ላይ ጠርዝ ይዞ ይሄዳል፤ ስትቆም ይቆማል፤ ጥያቄ በመጨረሻ ነው።

«ሰው አይጨምርላትም?» አሉ እትዬ። «አይ እማማ አይጨምርም» ሲባሉ ለከተማዋ አዘኑ።

ኡራ ደረስን። ጫማ ሲወለቅ ጃፓኑ ጫማውን አፍንጫውን ወደ ውጭ አዙሮ፣ ጥንዱን አስተካክሎ አኖረ። እትዬ አዩት፤ የልጅ ልጃቸውን ከዳር ዳር ተወራውሮ የወደቀ ስኒከርም አዩ፤ ምንም አላሉም፤ ከዚያች ደቂቃ ጀምሮ ግን ጃፓኑ «ልጄ» ሆነ።

ውስጡን በቃል ለመንገር መሞከር ድፍረት ነው። ክብ ቤተ ክርስቲያን፣ መሐሉ አራት ማዕዘን መቅደስ፣ የመቅደሱ ግድግዳ ከላይ እስከ ታች ሥዕል። ቀዩና ቢጫው ገና ትናንት የተቀባ ነው የሚመስለው። ፈርዖን ሠራዊቱን ይዞ ቀይ ባሕር ይሰጥማል። አቡነ ገብረ መንፈስ ቅዱስ በአንበሳና በነብር መካከል ቆመዋል። በሩ ደግሞ ከአንድ ግንድ እንደወጣ የሚነገርለት ግዙፍ እንጨት ነው። ጃፓኑ በእጁ ሳይነካ፣ በዓይኑ ብቻ ደባበሰውና ኪዮሚዙ የሚባለው የከተማው ቤተ መቅደስ ሰገነት ገደል ላይ ያለ ሚስማር መቆሙን ነገረን። አጎቴ ለጊዜው የሚጨምሩት አላገኙም።

ከበላዔ ሰብእ ሥዕል ፊት ስንደርስ አስጎብኚው ድምፁን ዝቅ አደረገ። ይህ የእሱ ቦታ ነው፤ ጥሩ አድርጎ ያውቀዋል። «ይህ ሰው 78 ነፍስ በላ...»

«ቤተሰቡን ጨምረህ ነው ሳትጨምር?» አሉ እትዬ።

«እ... ጨምሬ እማማ።»

«እንደዚያ በል። ቀጥል።»

ቀጠለ፣ ግን ከዚያ ወዲያ በእያንዳንዱ ዐረፍተ ነገር መጨረሻ እትዬን ያይ ነበር። የተጠማው ድውይ በእግዚአብሔር ስም ለመነ፣ በጻድቃንና በሰማዕታት ስም ለመነ፣ በመጨረሻ በማርያም ስም ሲለምን በላዔ ሰብእ ጥርኝ ውሃ ሰጠው። ሲሞት ነፍሱ ተመዘነች፤ 78ቱ ነፍስ ባንድ ወገን፣ ጥርኟ ውሃ ባንድ ወገን፤ ጥርኟ ደፋች። «እመቤታችን ጥላዋን ስለጣለችባት ነው» አሉ እትዬ፣ ያለ ጥላዋ የነገሩ ሒሳብ እንደማይገጥም ስለሚያውቁ። በዚህ መካከል በበሩ በኩል ያለፉ አንድ አባት ቆም አሉና፣ ለጃፓኑ ይሁን ለእትዬ ባይታወቅም፣ «የካቲት 16 ኑ፤ ያን ጊዜ ነው ማየት» ብለው ሄዱ።

አስጎብኚው ክብሩን ለማስመለስ ወደ ሌላ ነገር ገባ። በቆየው የሥዕል ወግ ደግ ሰው ሁለት ዓይኑ እየታየ ፊት ለፊት ይሳላል፤ ክፉ ሰው፣ ሰይጣን፣ ከሓዲ በጎን ነው፣ አንድ ዓይኑ ብቻ ይታያል። ዞረን ብናይ እውነት ነው፤ ገራፊው፣ አሳሪው፣ ወታደሩ ሁሉ አንዳንድ ዓይን። ስንወጣ ልጁ ደጁ ላይ ስልኩን አርቆ፣ አገጩን ሰብሮ፣ በጎኑ ራሱን ፎቶ ሲያነሣ እትዬ ደረሱበት።

«ዙር! ፊትህን ሙሉ አድርግ! እነማን በጎን እንደሚሳሉ አሁን አልሰማህም?»

ጃፓኑ ይህ ሳይተረጎምለት ገብቶት ኮፍያውን አውልቆ ካሜራው ፊት ቀጥ ብሎ ቆመ፤ ሁለት ዓይን።

ቡና የጠጣነው መመለሻው ላይ ካንዲት እናት ደጅ ነው። ግቢው ውስጥ ጀንፈሉ አልጋ ላይ ተሰጥቷል፤ ከቀይ ወደ ጥቁር ቡናማ እየዞረ፣ ሲነኩት እየተንኳኳ። አስጎብኚው ቡናው ከነገለፈቱ ስንት ቀን ፀሐይ ላይ እንደሚቆይ ለጃፓኑ ሲያስረዳ ሴትዮዋ ከምድጃው ሳይነሡ «ፀሐዩ ነው እንጂ ቀኑ አይደለም፣ ዝም በል» አሉት። አስጎብኚው እንግዲህ ዝም አለ። ሦስተኛው እስኪደርስ ዝም ብሎ ጠጣ። ደህና ጉርሻ ሰጠነው፤ ይገባዋል፣ ሲማርም ነው የዋለው። አጎቴ በበኩላቸው እጁን ይዘው፣ ስልክ ቁጥራቸውን ሰጥተው፣ ስለ ራሳም ማንኛውም ጥያቄ ካለው ማታም ቢሆን እንዲደውል ነገሩት።

ከሰዓት በኋላ ጣና ላይ ነፋስ ይነሣል። ማዕበሉ ጀልባዋን እየመታ፣ እትዬ ቋጠሯቸውን እየጨመሩ ስንመለስ፣ እስከዚያ ድረስ ቃል ያልተነፈሰው ጀልባ ነጂ ወደ ኋላ ዞረ። አስጎብኚው መሬት ላይ ቀርቷል፤ መድረኩ ባዶ ነው።

«ለመሆኑ የበትሩን ታሪክ ነግሯችኋል? ከሦስት ሰብረው ሲተክሉት ቡና፣ ጌሾና ትርንጎ ሆኖ...»

ልጁ ለጃፓኑ ተረጎመለት። ጃፓኑ ደብተሩን ከኪሱ አወጣ፣ ገጹን በአውራ ጣቱ ፈለገ፣ አገኘው። እጁን አላወጣም። ቀና ብሎ፣ በመጀመሪያዋ አማርኛው፣ «ሎሚ» አለ።

«ጎሽ ልጄ!» አሉ እትዬ።

ጀልባ ነጂው ሞተሩን ቀነስ አደረገና ወደ ጃፓኑ ሙሉ ለሙሉ ዞረ።

«ማነው እንዲህ ያለህ?»