ክስ አለበትና ይቆይ

ከሲቪል ሰርቪሳችን ግኝቶች ሁሉ የቱን ታደንቃለህ ብባል፣ ሳላመነታ «ክስ አለበት» የምትለዋን አጭር ሐረግ እጠራለሁ። በጀት አትጠይቅ፣ ሥልጠና አትጠይቅ፣ ማስረጃማ ጨርሶ አትጠይቅ።

ድሬዳዋ፣ ከዚራ ሰፈር ውስጥ፣ በዛፍ ጥላ ሥር ካሉት ቢሮዎች ወደ አንዱ ጎራ በሉ። ማክሰኞ የደረጃ ዕድገት ማስታወቂያ ሰሌዳው ላይ ይለጠፋል። ሐሙስ ላይ ከተመዝጋቢዎቹ ጠንከር ያለው ደብዳቤ ይደርሰዋል፤ ከሁለት ዓመት በፊት አለቃው ላይ ድምፁን ከፍ አድርጎ ተናግሯል የሚል። ሁለት ዓመት ሙሉ ማንንም ትዝ ያላለው ጥፋት በሁለት ቀን ተገኘ። ማስታወቂያው ባይወጣ ኖሮ ተደብቆ ይቀር አልነበር?

ከዚያ በኋላ ነገሩ ቀላል ነው። የሰው ሀብት ባለሙያዋ ማኅደሩን ትገልጣለች፣ ክሱን ታያለች፣ «ማኅደር ጥራት» በሚለው ረድፍ ላይ ሰረዝ ታደርጋለች። ክሱ እውነት ይሁን ውሸት የእሷ ጉዳይ አይደለም፤ የዲሲፕሊን ኮሚቴው ጉዳይ ነው። ኮሚቴው መቼ ይሰበሰባል? ሲመቸው። የምድር ባቡር ሰዎች የከዚራን ጎዳናዎች ቀጥ ቀጥ አድርገው ነው የዘረጉት፤ የዲሲፕሊን ፋይል ግን የሚጓዘው በደቻቱ ወንዝ ነው፣ አብዛኛውን ዓመት ደርቆ ይከርማል።

ሕግ አነበብኩ የሚል ሰው እዚህ ላይ ይንጫጫል። የፌዴራል መንግሥት ሠራተኞች አዋጅ ቁጥር 515/1999ም ሆነ እሱን የተካው 1064/2010 ቅጣቶቹን ከቃል ማስጠንቀቂያ እስከ ስንብት ደርድረው ነበር፤ «ስለተከሰሰ ብቻ ዕድገት መከልከል» የሚል ቅጣት ግን ከመካከላቸው አልነበረም። አርቃቂዎቹ ዘንግተውት ይሆናል። አለቆቻችን ያለ ምንም የትርፍ ሰዓት ክፍያ ሞልተውላቸዋል። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 20 የተከሰሰ ሰው በፍርድ ሂደት ላይ ሳለ እንደ ጥፋተኛ አይቆጠርም ይላል ብትሏቸውም መልስ አያጡም፦ «እሱ ለወንጀል ነው!» እውነታቸውን ነው። በነፍስ ግድያ የተጠረጠረ ሰው እስኪፈረድበት ንጹሕ ነው፤ የሰዓት ፊርማ ዘልሏል የተባለ ጸሐፊ ግን ምን ንጽሕና አለው?

ለተከሳሾች የምለግሰው ምክር ግን አለኝ፤ ቶሎ ጥፋተኛ ሁኑ። ከደረጃ ዝቅ የማድረግ ቅጣት እንኳ በእነዚያ አዋጆች ቢበዛ ሁለት ዓመት ነበር፣ ቀን ተቆጥሮ ያልቃል። ያልተወሰነ ክስ ማለቂያ የለውም። ለገሃር አካባቢ ቡና ስንጠጣ አንድ ወጣት ተከሳሽ ይህንኑ ምክር ከአንድ ጡረተኛ ሲሰማ ነበርኩ።

«አቦ ጋሼ፣ ያላጠፋሁትን እንዴት አጠፋሁ ብዬ ልፈርም?»

«ያላጠፋኸውማ ነው የሚረዝመው ልጄ። ያጠፋኸው ቢሆን በሳምንት ይቋጩት ነበር።»

ደግሞ ሕጉ ርኅሩኅ ነበር። በአዋጅ 515 ከሥራ የታገደ ሠራተኛ ካልተሰናበተ የተያዘው ደመወዙ ይመለስለት ነበር፤ «ያለ ወለድ»። ወለድ ጠይቆ መንግሥትን እንዳያስቸግር አስቀድመው አስበውበታል። በመካከሉ ያመለጠው መደብስ? እሱማ ሰው ተቀምጦበታል፣ ነውር ነው ማስነሣት።

ሕንዶች በዚህ ነገር ሲደክሙ ያሳዝኑኛል። እነሱ ዘንድ የተከሰሰው ሠራተኛ ክስ እንደሌለበት ሆኖ ከእኩዮቹ ጋር ይመዘናል፤ ውጤቱ በታሸገ ፖስታ ይቀመጣል፤ ሙሉ በሙሉ ነጻ ከወጣ ፖስታው ይከፈትና ዕድገቱ ከእሱ በታች የነበረው ባልደረባው ካደገበት ቀን ጀምሮ ይታሰብለታል። በ1983 ዓ.ም. ደግሞ ጠቅላይ ፍርድ ቤታቸው ፖስታው የሚታሸገው በሠራተኛው ላይ መደበኛ ክስ ከወጣ ወዲህ ብቻ ነው፣ «ምርመራ ላይ ነው» ማለት አይበቃም ብሎ ወሰነ። እኛ ጋ ይህ አይሠራም። ጠዋት የታሸገ ፖስታ ውስጥ ያለው ነጥብ የጫት በርጫ ሳይጀመር መጋላ ሰፈር ድረስ ይሰማል።

ደግሞም አሠራራችን ጨካኝ ነው ማለት ስም ማጥፋት ነው፤ ለተሿሚ ሲሆን ጥጥ ነው። ተሿሚ አይከሰስም፣ ይገመገማል። ግለ ሂስ ያወርዳል፣ እንባ ቢጤ ይታከልበታል፣ ከዚያ «ለተሻለ ኃላፊነት» ወደ ሌላ ቢሮ ይሸጋሸጋል። መኪናው ትከተለዋለች። ማኅደሩ ግን እዚያው ይቀራል፣ ማን ይሸከመዋል?

ያ የማክሰኞው መደብ ምን ደረሰ ለሚል፦ ተወዳዳሪዎቹ ሦስት ነበሩ። ሁለተኛው ስለ መጀመሪያው ክስ ምስክር ሆኖ ሲቀርብ «ሐሰተኛ ምስክርነት» ተብሎ ተከሰሰ፤ ሦስተኛዋ ክሱን ሾልካ አወጣች ተብላ «ምስጢር ማባከን» ተጻፈባት። መደቡ አሁን በውክልና ተይዟል። ወካዩ አለቃ ነው፤ ተወካዩ የዲሲፕሊን ኮሚቴው ሰብሳቢ። ኮሚቴው ያልተሰበሰበው በቸልተኝነት እንዳይመስላችሁ፤ ሰብሳቢው አዲሱ ሥራ በዝቶበታል።