ኮከብ ለጥፈውብኝ አደርኩ

የዘመኑ ልጅ ከጨለማ ጋር ምን እንዳጣላው አላውቅም። የሚያበራ ስልክ፣ ሲረግጡት የሚያበራ ጫማ፣ የሚያበራ መቁጠሪያ፣ አሁን ደግሞ የሚያበራ ኮርኒስ! ድሮ እኛ አገር ቤሌ ሌሊት ሌሊት ነበር። ከብቱ ይገባል፣ ጅቡ ይወጣል፣ ሰው አፉን ይዘጋል። ዛሬ የሚዘጋ አፍም የለም።

ወላይታ ሶዶ ዩኒቨርሲቲ ኬሚስትሪ የሚማረው የልጅ ልጄ ለዘመን መለወጫችን ለጊፋታ መጣ። ሥጋውን በዳጣ፣ ሙቿውን በቅቤ አጣጥሞ ሲያበቃ ከቦርሳው አንድ ፌስታል የላስቲክ ኮከብ አወጣና ከመኝታዬ በላይ ኮርኒሱ ላይ ለጠፈልኝ። ማን ጠይቆት? ሌሊቱን ሙሉ አረንጓዴ ነገር አፈጠጠብኝ። ዓይኔን ብጨፍንም እዚያው እንዳለ አውቃለሁ፤ የሚያናድደውም ይኸው ነው።

«ባትሪው የት ነው?» አልኩት ጠዋት።

«ባትሪ የለውም አባባ። ቀን ብርሃን ይጠጣል፣ ማታ ይለቀዋል።»

ቀን ጠጥቶ ማታ ጎረቤት የሚረብሽ ሰው ሰፈራችን ሞልቷል፤ አዲስ ነገር መስሎት ነው።

ስሙ ስትሮንቲየም አሉሚኔት ነው አለኝ። ምላሴ አልታዘዝ አለ። ላዩ ላይ ዩሮፒየምና ዲስፕሮዚየም የሚባሉ ነገሮች ጥቂት ጥቂት ይገቡበታል፤ የጠጣውን ብርሃን ውስጡ ይዞ ቀስ በቀስ እንዲለቅ የሚያደርጉት እነሱ ናቸው። በፊት በዚንክ ሰልፋይድ ይሠራ የነበረው ቶሎ ይደበዝዝ ነበር። ጃፓኖች በፈረንጆቹ 1990ዎቹ መጀመሪያ ይህንን አወጡና ሌሊቱን የሚዘልቅ ሆነ። እነሱን ማን እንቅልፍ ነሣቸው?

ነገሩ ሲመረመር አመጣጡም አላማረኝም። ኢጣሊያ ውስጥ ቦሎኛ ከተማ፣ በ1600ዎቹ መጀመሪያ፣ ቪንቼንዞ ካሺያሮሎ የሚባል ጫማ ሰፊ ወርቅ አገኛለሁ ብሎ የተራራ ድንጋይ ከከሰል ጋር ያቃጥላል። ወርቅ የለም። ድንጋዩ ግን ፀሐይ ካየ በኋላ ጨለማ ውስጥ ያበራል። የሰው ጫማ ሳይሰፋ ስንት ቀን እንዳሳደረ አስቡት። በ1669 ደግሞ ሃምቡርግ ላይ ሄኒግ ብራንድ የተባለው ይባስ ብሎ፣ አሁንም ወርቅ ፍለጋ፣ ሽንት አጠራቅሞ ሲያፈላ ሲያፈላ በጨለማ የሚያበራውን ፎስፈረስን አገኘ። «ሚስቱ ምን አለች?» ብል «መጽሐፉ ላይ የለም» አለኝ። ዋናውን ነገር ትተው ነው እንግዲህ የሚያስተምሯቸው።

ቀጥሎ የነገረኝ ግን አላሳቀኝም። በእኛ ወጣትነት ቁጥሩ በጨለማ የሚያበራ ሰዓት ያሰረ ሰው ከፊታውራሪ እኩል ይከበር ነበር። ቀድሞ ያ ቀለም ራዲየም ነበረበት አሉ። አሜሪካ ውስጥ ከ1917 ጀምሮ ልጃገረዶች እየተቀጠሩ ቁጥሩን ይቀቡ ነበር። የብሩሹን ጫፍ ለማሾል በከንፈራቸው ይመጥጡታል፤ አለቆቻቸው ምንም አይጎዳም ብለዋቸዋል። መንጋጋቸው በስብሶ ወለቀ። ከኒው ጀርሲዎቹ አምስቱ ከሰሱና በ1928 ካሣ ተቀበሉ፤ መንጋጋ ግን በካሣ አይመለስም። የራዲየም ጉልበት በግማሽ እንዲቀንስ 1600 ዓመት ይፈጅበታል፤ የሚያበራው ቀለም ደግሞ በጥቂት ዓመታት ውስጥ ይከስማል። ብርሃኑ ይሞታል፣ መርዙ ይቀመጣል።

የእኔዎቹ ኮከቦች መርዝ እንደሌላቸው ልጁ ምሎልኛል። ይሁን። የእኔ ጠብ ሌላ ነው። ሌሊት ከዘራዬ ወደቀችና ተነሥቼ ስዳብስ፣ ኮከቦቹ ከነሙሉ ክብራቸው ይታያሉ፤ ከዘራዬ ግን የለችም። ራሱን ብቻ የሚያሳይ ብርሃን አይታችሁ ታውቃላችሁ? ኩራዝ ስንት በደል አድርሶብናል፤ ላምባው ይሸታል፣ ጥላሸቱ አፍንጫ ይሞላል፣ የስንቱን ጋቢ አቃጥሏል። ቢሆንም ማን እንዳኮረፈ፣ ማን ከወንድሙ ሳህን ሥጋ እንደሰረቀ በኩራዝ አይቻለሁ። በማሾማ ሠርግ ደግሰንበታል።

ደግሞ ብርሃን ቸግሮን ነው እንዳይባል! ከእኛ ብዙም ሳይርቅ ኦሞን ከ240 ሜትር በላይ በሚቆም ግድብ ዘግተው፣ 1870 ሜጋ ዋት የሚያመነጨውን ጊቤ ሦስትን በ2009 ዓ.ም. አስመርቀዋል። ያን ሁሉ ኮንክሪት ያፈሰሱት ይህ ልጅ ብርሃን በፌስታል ይዞልኝ እንዲመጣ ነው?

በክረምት መውጫ እንሰቱ መሐል ብልጭ ድርግም የምትል ጥንዚዛ እንኳ ምክንያት አላት፤ ወንዱ ሴት ይፈልጋል፣ ሴቷም ትመልስለታለች፣ ተገናኝተው ያርፋሉ። የእኔ ኮርኒስ ማንን እየፈለገ ነው?

ትናንት ደግሞ ልጁ ስልክ ደወለ። ይኸው ነገር በቀለም መልክ ይሸጣል አለኝ።

«የበሬውን ቀንድ ልቀባልህ አባባ፤ ማታ ቢጠፋ ከሩቅ እንድናየው።»

«ጅቡስ?» አልኩት። «የእሱን ዓይን ማን አሰረው?»

ዝም አለ። ኬሚስትሪ ላይ ስለ ጅብ አላስተማሩትም። ጥግ ሆና እንሰት የምትፍቀው ባለቤቴ ግን በሳቅ ፈረሰች፤ የሳቀችው በእሱ መስሎኝ ነበር። ለካ በእኔ ኖሯል፤ «አንተ ሰውዬ፣ በሬውን ከሸጥከው እኮ ሁለት ዓመት ሆነህ!» አለችኝ።