የ55 ዓመቱ «ሽማግሌ»

እኔ በ60 ዓመቴ ጡረታ ስወጣ «ተመለስ» ያለኝ አንድ ሰው የለም። ይሄ ባትማን የሚሉት ሰውዬ ግን አሥር ዓመት ቁጭ ብሎ ሲያበቃ በ55 ዓመቱ ያንን ጥብቅ ልብስ አጥልቆ ጣሪያ ለጣሪያ ሊዘል ይወጣል! ደግሞ «ሽማግሌው» ይሉታል። ይህን «ዘ ዳርክ ናይት ሪተርንስ» የተባለ የሥዕል መጽሐፍ የጻፈውም የሣለውም ፍራንክ ሚለር ነው፤ በ1986 እ.ኤ.አ. በአራት ክፍል ሲያወጣው ራሱ ገና ሠላሳ አልሞላውም። 55 ዓመት እርጅና የሚመስለው ለእንዲህ ያለው ውርጋጥ ነው።

መጽሐፉ የልጅ ልጄ ንብረት ነው። «አባባ፣ ይሄ ለእርስዎ አይሆንም፣ ጨለማ ነው» ሲለኝ እልህ ያዘኝ። መነጽሬን ጠርጌ ብከፍተው አንዱ ገጽ 16 ትንንሽ ሣጥን! ግማሹ ቴሌቪዥን፣ በየቴሌቪዥኑ ውስጥ ደግሞ ዜና አንባቢ ይለፈልፋል። ሰው መጽሐፍ የሚያነበው ከዚህ ለመሸሽ አልነበረም እንዴ? ረዳቱ ሮቢን የ13 ዓመት ልጃገረድ ናት፤ መሣሪያዋ የላስቲክ ወንጭፍ። ወንጭፍ እኔም ነበረኝ፤ ማሽላ ስጠብቅ ወፍ አባረርኩበት እንጂ ወንበዴ አላሳደድኩበትም። ሱፐርማንማ የፕሬዚዳንቱ ተላላኪ ሆኖ አረፈው።

ግን ሰውየው ሲመታ ያመዋል። የወሮበሎቹ አለቃ ቆሻሻ መጣያ ላይ አጥንቱን ሲሰባብረው ዕድሜውን ያማርራል፤ በገመድ ሲንጠላጠል ጡንቻው እምቢ ይለዋል። እዚህ ስደርስ መጽሐፉን አስቀምጬ ጉልበቴን አሸሁ። ከ1939 እ.ኤ.አ. ጀምሮ አንድ ዓመት ያልጨመረ ጀግና፣ ሚለር በአንድ ጊዜ አስረጀው። እነሆ መጽሐፉ ከወጣ አርባ ዓመት ገደማ ሆነው፣ አሁንም ይታተማል፤ በ2016 እ.ኤ.አ. የወጣው የባትማንና የሱፐርማን ፊልም እንኳ ባትማን የብረት ልብስ ለብሶ ከሱፐርማን ጋር የሚደባደብበትን ከዚሁ ነው የወሰደው።

ያናደደኝ ቀብሩ ነው። ከሱፐርማን ጋር በገጠመው በዚያ ድብድብ ልቡ ቆመ፣ ሞተ ተባለ፣ አለቀስኩለት ማለት ይቻላል። ለካ ሆን ብሎ ነው! ከአፈር ሥር ልቡ መምታት ሲጀምር ሱፐርማን ሰምቶ እንዳልሰማ ጠቀስ አድርጎ ይሄዳል። እኛ ሰፈር ቢሆን እድሩ የከፈለውን ሳያስመልስ አይለቀውም ነበር።

ልጁ «አባባ፣ መጽሐፌ?» እያለ ሦስት ቀን ጠየቀኝ። «አልጨረስኩም» እለዋለሁ። ባለቤቴ መብራቱን ስታጠፋ ጋቢዬን ተከናንቤ በባትሪ ሁለተኛ ዙር ይዤዋለሁ።