አግባብነት ያለው

በኢትዮጵያ የመንግሥት መሥሪያ ቤቶች የደረጃ እድገት የሚጀምረው በማስታወቂያ ሰሌዳ ላይ ከምትለጠፍ አንዲት ወረቀት ነው። ወረቀቷ የትምህርት ዝግጅት፣ የሥራ ልምድና የአፈጻጸም ውጤት ትጠይቃለች። እስከዚህ ድረስ ጠብ የለም። ጠቡ ያለው «አግባብነት ያለው» በምትለው ቃል ውስጥ ነው። የማኔጅመንት ዲግሪ ለሰው ሀብት የሥራ መደብ ዘመድ ነው ወይስ ጎረቤት? በመዝገብ ቤት ያለፉ ዐሥራ ሁለት ዓመታት ልምድ ናቸው ወይስ አቧራ? ሰባት ቤት ቆጥሮ የሚያጋባ ሽማግሌ እንኳ እንደ መልማይ ኮሚቴ የዘር ሐረግ አይመረምርም። ደግነቱ፣ አስቀድሞ ለታጨው ሰው ሲሆን ቆጠራው ከሁለት ቤት አያልፍም።

የቀድሞው አሠራር ሠራተኛውን በሥራው ዓይነት ፕሳ፣ መፕ፣ ጽሂ (ጽሕፈትና ሂሳብ) እያለ በፊደል ይከፍል ነበር። በኋላ የነጥብ የሥራ ምዘና መጣና ፊደሉን በቁጥር ተካው። በጽሂ ዘመን የተጻፈ የልምድ ደብዳቤ ይዞ የቀረበ አመልካች ታዲያ አስተርጓሚ ያሻዋል፤ አስተርጓሚው ደግሞ አንዳንዴ ለዚያው መደብ የተመዘገበ ባልደረባው ነው።

የወደቀው አመልካች ቅሬታ ያቀርባል። በቀድሞው አዋጅ ቁጥር 1064/2010 መሠረት ቅሬታውን የሚያየው በዚያው መሥሪያ ቤት የሚቋቋም ቅሬታ አጣሪ ኮሚቴ ነበር። ኮሚቴው ነገሩን አጣርቶ የውሳኔ ሐሳቡን ለበላይ ኃላፊው ያቀርብ ነበር። እድገቱን ያጸደቁትም በአብዛኛው እኚሁ ኃላፊ ነበሩ።