ለማውገዝ ያህል

የአገሬውን ጨዋነት የሚጠራጠር ቢኖር «የእገሊት ቪዲዮ ወጣ» በተባለ ማግስት፣ በገበያ ቀን፣ ዘመሮ ከተማ አንድ ጠላ ቤት ጎራ ይበል። ጋቢ የደረቡ አባወራዎች አንዲት ስልክ ከበው አንገታቸውን አስግገዋል። «ኧረ ጉድ! ስምንተኛው ሺህ!» ይላሉ፤ ያማትባሉ። አማትበው ሲያበቁም «እስቲ መልሰው» ይላሉ፤ ሳያጣሩ ማውገዝ ኃጢአት ነዋ! ከሁሉም ጠንቃቃው ፊቱን አዙሮ፣ «እኔ ጾም ላይ ነኝ፤ ለፋሲካ አቆዩልኝ» ይላል።

ለምግባር ያለን ቅናት እንዲህ በዋዛ አይበርድም። ቴሌግራም ቢዘጋ ዜንደር አለ፤ ዜንደር ቢያስቸግር ሜሞሪ ካርድ አለ። ልጅቱን የማያውቃት ሰው እንዳይኖር፣ ስሟንና የአባቷን ስም ጽፈን እናስተላልፋለን፤ ትውልዱ ይማርበታል።

«ወንዱስ?» የሚል ነገረኛ አይጠፋም። ወንዱማ አይታይም፤ ካሜራውን የያዘው እሱ ነው! ድምፁ ቢሰማም በድምፅ ማን ይወገዛል? ቢታይም ያው ነው፤ በ2005 ዓ.ም. ኢትዮጵያን ወክላ ቢግ ብራዘር አፍሪካ የተባለው የቴሌቪዥን ውድድር የገባችው ወጣት ከሴራሊዮናዊ ተወዳዳሪ ጋር አልጋ ላይ ታየች ተብሎ «አዋረደችን» ያልነው እኛው ነን። የሰውየውን ስም የሚያስታውስ እስቲ እጁን ያውጣ።

ደግሞም ወግ አጥባቂዎች ነን። ድሮ ሚዜዎች የብር አምባሩን ጨርቅ ይዘው እየጨፈሩ ወደ ሙሽራዋ ወላጆች ይገሰግሱ ነበር። ያኔ የልጅቱ አልጋ ለክብሯ አደባባይ ይወጣ ነበር፤ ዛሬ ለውርደቷ ይወጣል። ሙሽራውን «ያንተስ ማስረጃ?» ያለው ግን ያኔም አልነበረም፤ ዛሬም የለም።

ሕግም አለን። የኮምፒውተር ወንጀል አዋጅ ቁጥር 958/2008 በአንቀጽ 13 የሰውን ክብር የሚነካ ቪዲዮ ማሰራጨትን ይቀጣል። ደግነቱ አቤት ማለት ያለባት የተቀረጸችው ልጅ ራሷ ናት። አቤት ካለች ደግሞ ቪዲዮው ለፖሊስ፣ ለዐቃቤ ሕግና ለዳኛ ይታያል፤ እነሱም ለማጣራት ያህል ያዩታል። እንግዲህ ብልህ ከሆነች ዝም ትላለች።

ዝም ብላም አትቀመጥም፤ በማለዳ አውቶቡስ አዲስ አበባ ትገባለች፣ ከዚያም ዓረብ አገር። ቪዲዮውን የቀረጸው እዚሁ ነው። ጊዜው ሲደርስ ለሌላ ልጅ ሽማግሌ ይልካል። ሽማግሌዎቹ ስለ ጨዋነቱ ይመሰክራሉ፤ የልጅቱ አባት ስለ መሬቱ፣ ስለ በጎቹና ስለ ዘሩ አጥብቆ ይጠይቃል። ስለ ቪዲዮው አይጠይቅም። ምን ብሎ ይጠይቃል? እሱም አይቶታል።