ሲሾም ያልበላ

ክቡር ሆይ፣ እንኳን ለዚህ ሹመት አበቃዎ! ሰቆጣ ሹም ስታይ እርስዎ የመጀመሪያው አይደሉም። ዛጉዌዎች ዙፋኑን ለይኩኖ አምላክ ሲለቁ በተደረገው ስምምነት፣ የዚህ የዋግ አገር ገዥዎች የነበሩት ዋግ ሹሞች በንጉሠ ነገሥቱ ፊት በብር ወንበር ይቀመጡ ነበር ይላል ትውፊቱ። የእርስዎ ወንበር የቆዳ ነው፤ ይሽከረከራልም። ይህም አንድ እድገት ነው።

ሳይበሉ እንዳይሻሩ ስለሰጋሁ አንድ የሙያ አባት ላስተዋውቅዎ። ጆርጅ ዋሽንግተን ፕለንኪት ይባላል፤ የኒውዮርክ ሰው ነው (የእሱን ዓመታት በፈረንጅ አቆጣጠር ይያዙልኝ)። ከድሃ ቤት ተነስቶ፣ ሥጋ ሻጭ ሆኖ ሠርቶ፣ ታማኒ ሆል የተባለውን የዴሞክራቶች ድርጅት ተንተርሶ ወደ ላይ ወጣ። በ1870 አራት ሹመት ደርቦ ከሦስቱ ደመወዝ ይበላ ነበር። ባለጉዳይ የሚያስተናግደው ፍርድ ቤት ውስጥ፣ የሊስትሮ ወንበር ላይ ተቀምጦ ነበር። በ1905 አንድ ጋዜጠኛ ንግግሮቹን ሰብስቦ በመጽሐፍ አወጣለት።

ትምህርቱ ቀላል ነው። ካዝና ሰብሮ የሚወስድ ሌባ ነው፤ ያውም ጅል። ብልህ ሹም ግን መናፈሻው የት እንደሚሠራ ቀድሞ ይሰማል፤ ዙሪያውን ያለውን መሬት በርካሽ ይይዛል፤ ከዚያ ከተማው ራሱ መጥቶ በውድ ይገዛዋል። ለፕለንኪት ይህ ስርቆት ሳይሆን ንጹሕ ጥቅም ነው። እኛ ለዚህ መጽሐፍ አላስፈለገንም፤ «ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል» ብለን በአራት ቃል ጨርሰነዋል። ለእርስዎማ ነገሩ ይበልጥ ይቀላል። መሬቱ የመንግሥት ስለሆነ መግዛት እንኳ አያስፈልግም፤ አስፋልቱ የሚያልፍበትን ፕላን አይቶ ለአማት፣ ለአክስት ልጅና ገና ላልተወለደው የልጅ ልጅ ቦታ ማስመራት ነው።

ፕለንኪት አንድ ድክመት ነበረበት። ሰፈሩ ውስጥ እሳት ሲነሳ ፈጥኖ ይደርስና ለተቃጠለባቸው ልብስና ማደሪያ ይፈልግላቸው ነበር። ድምፅ ፍለጋ ነው፤ ቢሆንም መድረሱ አልቀረም። እርስዎ በዚህ አይድከሙ። ዋግ ኽምራ ላይ ዝናብ ሲቀር (አበርገሌና ዝቋላ ይጠየቁ) የሌላ ሰው ስንዴ ይመጣል፤ የእርስዎ ድርሻ ዝርዝሩ ነው። ሁለት ፍየል ያላትን ባልቴት «ሀብታም» ብሎ ከሴፍቲኔት መዝገብ መሰረዝ፣ ባለወፍጮውን ወንድም «አቅመ ደካማ» ብሎ ማስገባት ከአንድ እስክሪብቶ በላይ ወጪ የለውም። ጆንያው ገበያ የሚወጣ ከሆነ ደግሞ ገልብጠው ያሰፉት፤ ለሽያጭ እንደማይቀርብ የሚናገረው ጽሑፍ ወደ ውስጥ ይሁን።

በሰኔ 2015 ዩኤስኤይድና የዓለም ምግብ ፕሮግራም እርዳታው ለማይገባው እየዋለ ነው ብለው በመላ አገሪቱ የምግብ እርዳታ አቆሙ። የበላው ሌላ፣ ጦሙን ያደረው ሌላ። እርስዎ ግን አይስጉ፤ የሰቆጣ ቃል ኪዳን አለልዎ። በ2007 ዓ.ም. የሕፃናትን መቀንጨር ለማጥፋት የተገባ ቃል ነው። የከተማችን ስም በትልቅ ባነር ላይ ይጻፋል፤ ስለ ተራቡ ሕፃናት በሆቴል አዳራሽ ውይይት ይደረጋል፤ አበል ይታሰባል። እንዳይቀሩ።

እንዳይሳሳቱ ደግሞ ከዚሁ አገር የወጡ አንድ ከሳሪ ሹም ላስታውስዎ፤ ደጃዝማች ኃይሉ ከበደን። ከመኳንንቱ ብዙው ለጣልያን ገብቶ ደመወዝ ሲቆረጥለት፣ እሳቸው የዋግንና የላስታን ሰው አስከትለው ሸፈቱ። መስከረም 1930 ተገደሉ፤ ጠላት አንገታቸውን ቆርጦ ለሕዝብ አሳየ። ከሹመት ያተረፉት ይኸው ነው። ፕለንኪት በ1924 ሀብታም ሆኖ ሞተ።

ምርጫው የእርስዎ ነው፤ ጥያቄያችን አንድ ብቻ ነው። የተረጂዎቹን ዝርዝር ቀበሌው በር ላይ ይለጥፉልን፤ ማንበብ ተምረናል።